የጎርማድ ሦስተኛ መልክ

በሸረንጋ መንግሥት፣ በእሸት ወር አሥራ አንደኛው ቀን ማለዳ፣ የዋሪት ወንዝ ቆመ። ደረቀ ማለት አይደለም፤ ቆመ። ውኃ ሊቀዱ የወረዱ ሰዎች ዓሣዎቹ አሸዋው ላይ ሲንፈራገጡ፣ ፀሐይ አይተው የማያውቁ ድንጋዮች ተገልጠው ሲያብረቀርቁ አዩ። ሰዉ ሁሉ በያለበት ቆሞ ቀረ። የንጉሡን ማዕረግ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ጠርቶ ለመጨረስ የሚፈጀውን ያህል ጊዜ አለፈ፤ የንጉሡም ማዕረግ ብዙ ነው። ከዚያ በኋላ ከተራራው አንዲት ቀጭን ውኃ እየተጎተተች መጣች፤ ስፋቷ ከአንድ ክንድ አይበልጥም ነበር። ሽማግሌዎቹ ምልክቱን ለመፍታት ሕልም ፈቺ አላስፈለጋቸውም። የጎርማድ እጅ የወንዙ ጉሮሮ ላይ ደርሷል ማለት ነው።

ጎርማድ በሸርፋ ተራራ ሆድ ውስጥ፣ የዋሪት ምንጭ ከሚፈልቅበት ዋሻ የተቀመጠ የነሐስ ግዙፍ ነው። ማን እንደሠራው በእርግጥ የሚያውቅ የለም። ቤተ መንግሥቱ የጥንት ጠላት ሠራው ይላል፤ ሕዝቡ ደግሞ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ አንዱ ንጉሥ ራሱ ለምንጩ ዘበኛ ይሁነኝ ብሎ አሠርቶት አልታዘዝ አለው ይላል። ቁመቱ ሦስት ቤት ያህላል። ሊዋጋው የገባ ሰው በተሸነፈ ቁጥር፣ ሞተም ሸሸም፣ ጎርማድ አንድ ቋጥኝ አንሥቶ በምንጩ አፍ ላይ ይጥላል። በስድሳ ዓመት ውስጥ አርባ ጀግኖች ገቡ፤ አርባ ቋጥኞችም ወደቁ። ከአርባዎቹ ሃያ ዘጠኙ እዚያው ቀሩ፤ አሥራ አንዱ ነፍሳቸውን ይዘው ተመለሱ።

የተመለሱት ባይመለሱ ይሻላቸው ነበር። የሸረንጋ ሕግ «የሞተ ይዘመርለት፣ የሸሸ ዝም ይበል» ይላል። ለሞቱት ሐውልት ቆመላቸው፣ ዘፋኞች ዘለሰኛ አወጡላቸው። የሸሹት ግን ስማቸው ከመዝገብ ተፋቀ፤ ከቅጥር ውጭ ዝም ሰፈር በሚባል ቦታ ተቀመጡ፤ አፋቸው ላይ ግራጫ ጨርቅ አሰሩ። ስለ ጎርማድ አንዲት ቃል የተነፈሰ፣ ያችን ቃል ከሰማው ሰው ጋር ከአገር ይባረራል። የቤተ መንግሥት ሊቃውንት ይህን ሕግ ሲያስረዱ «ዝም አይነቅዝም» እያሉ ይተርቱ ነበር። ይህ ተረት በሌላ ቦታ እውነት ሊሆን ይችላል።

ወንዙ በቆመ በሦስተኛው ቀን፣ ከተራራው ፊት ለፊት ካለው ኮረብታ ተቀምጦ ውጊያውን ሁሉ የሚመዘግበው የቋጥኝ ቆጣሪ ወደ ከተማ ወረደ። ያመጣው ወሬ አጭር ነበር። አርባኛውም ተሸንፏል፤ በምንጩ አፍ ላይ የቀረው ቀዳዳ የአንድ ቋጥኝ ነው። ከእንግዲህ አንድ ሰው ተሸነፈ ማለት ዋሪት አበቃ፣ ሸረንጋም አበቃች።

የንጉሡ ነጋሪት ሦስት ቀን ተጎሰመ። «አርባ አንደኛው ጀግና ይውጣ» ተባለ። ከጀግኖቹ አንዱን ወገቡን ያዘው፣ የሌላው አማት በድንገት ታመመች፣ አንዱም ሰይፉ ሲሳል እንደተሰበረበት አስታወቀ። በሦስተኛው ቀን ከሰዓት በኋላ፣ ሌላ የሚወጣ ሲጠፋ፣ አንዲት ሴት ሰዉን በክርኗ እየገፋች ወደ ዙፋኑ ፊት መጣች።

ሻሺቱ ትባላለች። ሃያ ሁለት ዓመቷ ነው። የንጉሡን በቅሎዎች የምትገራ፣ ከፊት ጥርሶቿ አንዱን ከነዚያው በቅሎዎች አንዷ የወሰደችባት፣ ትከሻዋ ሰፊ፣ አንደበቷ ከጥርሷ ይልቅ ሙሉ የሆነ ሴት ናት።

ንጉሥ ዛራምድ ከላይ እስከ ታች አያት። «ከማን ወገን ነሽ?»

«ከበቅሎ በረት ነኝ፣ ንጉሥ ሆይ።»

ከመኳንንቱ አንዱ፣ ያ አማቱ የታመመችበት፣ ሳቁን አፍኖ «በቅሎን አባትሽ ማነው ቢሏት፣ ፈረስ አጎቴ ነው አለች» ብሎ ተረተ።

«እውነት ነው ጌታዬ» አለች ሻሺቱ። «በቅሎዋ የመጣችው ፈረሶቹ ስለቀሩ ነው።»

አደባባዩ ሳቀ። ንጉሡ እጁን አንሥቶ ዝም አሰኘው። ሻሺቱም በአንድ ጉልበቷ ተንበርክካ እንዲህ አለች፦ «ንጉሥ ሆይ፣ እገባለሁ። ግን የምለምነው ነገር አለኝ። በእኛ በረት አንድ ሰው በበቅሎ ሲረገጥ ከመሬት ሳይነሣ ነው የሚናገረው። ጆሮዋን ጣለች፣ ከዚያ በግራ እግሯ ነው የረገጠችኝ ይላል። እኛ እንስቃለን፤ ቀጣዩ ሰው ግን በቀኝ በኩል ይቀርባታል። የተረገጠው አፉን ይዞ ቢቀር ኖሮ ዛሬ አንድም ገሪ በሕይወት የለም ነበር። ከጎርማድ የተመለሱ ሰባት ሰዎች ከቅጥሩ ውጭ በሕይወት አሉ። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም። አፋቸው ይፈታልኝና ልጠይቃቸው።»

ንጉሡ ፊቱ ጠቆረ። «የአያታችን ሕግ ነው። የሸሸ ሰው ቃል ልብ ያሸብራል። ከእነርሱ የሚማሩት ነገር ቢኖር መሸሽን ብቻ ነው። የተናገረ ከሸረንጋ ይባረራል፤ የሰማም ይባረራል።»

ሻሺቱ ቀና አለች። «ወንዙ ከሌለ የምባረረው ከየትኛዋ ሸረንጋ ነው?»

ንጉሡ አርባ ቀን የዝግጅት ጊዜ ብቻ ሰጥቶ ተነሣ። እሷም በአደባባዩ መካከል፣ ሁሉ እያየ፣ እጇን ወደ ሸርፋ ተራራ ዘርግታ ማለች፦ «ዋሪት ይመስክር፣ ሸርፋም ይስማ። ጎርማድ እንዴት እንደሚመታ ሳላውቅ አልገባም። አውቄ ከገባሁም ሳልጥለው አልመለስም።»

በማግስቱ ጠዋት ዝም ሰፈር ሄደች። ሰባቱ በአንድ ግቢ ውስጥ ገመድ እየገመዱ ይኖራሉ። ሲያዩዋት ፊታቸውን አዞሩ። ከሁሉም የሚያስፈራው ጓንጉል መርሻ ነበር፤ በአንድ ወቅት የንጉሡ ጦር አበጋዝ የነበረ፣ አሁን ስድሳውን የተሻገረ፣ ቀኝ እግሩን የሚያነክስ ሰው። ከሠላሳ ዓመት በፊት ገብቶ በወጣበት ቀን ጨርቁን አፉ ላይ ካሰሩት ጀምሮ፣ ስለ ጎርማድ ይቅርና ስለ ዝናብ እንኳ ሲናገር የሰማው የለም።

ሻሺቱ አልለመነቻቸውም። ከግቢው መሐል በእንጨት ትልቅ ክብ ሠራች፤ አንድ ግንድ አቆመችና ጎርማድ ይሁን አለች። ከዚያ የቤተ መንግሥት ዘፈኖች እንደሚሉት መዋጋት ጀመረች፦ ሰይፍ በቀኝ እጅ ከፍ አድርጎ፣ ደረት ነፍቶ፣ ወደ ፊት፣ ሁልጊዜ ወደ ፊት። አንድ ጊዜ ሠራችው። ደገመችው። በሦስተኛው ላይ አንድ ምርኩዝ ከኋላ መጥቶ ቁርጭምጭሚቷን ያዘና ጎተታት። በአፍጢሟ ተደፋች።

ጓንጉል ከበላይዋ ቆሟል። ጨርቁን በጣቱ ወደ አገጩ አወረደው። ድምፁ እንደ ዛገ ማጠፊያ ነበር።

«ሞተሻል» አለ።

ሌሎቹ ስድስቱ ገመዳቸውን ጣሉ።

«በዚያ እርምጃ ሞተሻል» አለ ጓንጉል፣ ቃላቱን አንድ በአንድ እየፈለገ። «ሦስት ጊዜ ሞትሽ። ሁለቱን ዝም ብዬ አየሁ። ሦስተኛውን አልቻልኩም።»

ሻሺቱ አፈሩን ከአፏ ተፋች። «ተናገሩ እንግዲህ አባቴ። አሁን እርስዎም ተባራሪ ነዎት፣ እኔም ተባራሪ ነኝ። ሕግ ሁለቴ አያባርርም።»

የሰፈሩ ዝምታ የተሰበረው እንዲህ ነው። ከተሰበረም በኋላ ማን ያቆመዋል? ሠላሳ ዓመት፣ ሃያ ዓመት፣ አሥራ ሁለት ዓመት የታፈነ ወሬ በአንድ ጊዜ ወጣና እርስ በርሳቸው ተጣሉ። ጓንጉል መዶሻው የሚመጣው ከግራ ነው አለ። ፈንታዬ የምትባለው፣ ግማሽ ፊቷ በእንፋሎት የተቃጠለ የአርባ አምስት ዓመት ሴት፣ «በዓይኔ አይቻለሁ፣ ከቀኝ ነው» ብላ ማለች። ሌሎቹም አራቱ ከቀኝ፣ አንዱ ከግራ አሉ። ጓንጉል ውሸታም ነሽ አላት፤ እሷም እርጅና ቀኝና ግራህን አጥፍቶብሃል አለችው።

ሻሺቱ ጠብ መስማት የሚያስደስታት ሰው ነበረች። እጆቻቸውን ታይ ነበር። ጓንጉል ምርኩዙን የያዘው በግራው ነው። ያ ከግራ ያለው ሌላው ሰውም ገመዱን የሚገምደው በግራው ነው።

«አባቴ፣ ሰይፍዎን በየትኛው እጅ ነበር የያዙት?»

«በግራዬ። ግራኝ ነኝ።»

«እትዬ ፈንታዬስ?»

ፈንታዬ ቀኝ እጇን አነሣች። ጎርማድ የሚመታው ሰይፍ ወዳለበት እጅ ነው። ይህን ለማወቅ ሁለት ሰዎች በአንድ ግቢ ተቀምጠው አንዴ መጣላት ብቻ ይበቃቸው ነበር። ስድሳ ዓመት ሙሉ አርባ ሰው በዚያ አንድ ምት ሥር ሲገባ፣ መልሱ ከቅጥሩ ውጭ ገመድ ይገምድ ነበር። ፈንታዬ ይህን ስትረዳ ተቀምጣ አለቀሰች፤ ከገቡትና ከቀሩት መካከል ታናሽ ወንድሟ ነበርና፣ እሷ ከተመለሰች ከሁለት ዓመት በኋላ የገባ። በሄደበት ጠዋት በበሯ በኩል አልፎ ነበር፤ እሷም ጨርቋን አፏ ላይ አጥብቃ ይዛ አሳልፋዋለች።

«ዝም አይነቅዝም ይላሉ» አለች ሻሺቱ። «ይኸው ነቅዟል።»

ከዚያ ቀን ጀምሮ ሰባቱ ያዩትን ሁሉ አንድ ላይ ሰፉት። ጎርማድ መልኩን ይለውጣል። በመጀመሪያው መልኩ መዶሻ ይይዛል። ከመምታቱ በፊት ትከሻው ዝቅ ይላል፣ ልክ በቅሎ ጆሮዋን እንደምትጥለው። ሁለት ጊዜ ወደ ሰይፉ እጅ፣ በሦስተኛው ከላይ ወደ ታች ይመታል፤ ከዚያ ይተነፍሳል። ሲተነፍስ የደረቱ ሰባት የነሐስ ሳንቃዎች ይከፈታሉ። አንድ ጊዜ ለመውጋት ብቻ የሚበቃ ጊዜ አለ። ሁለተኛ የሞከረ ሳይመታ አልቀረም።

«ሁላችንም ሁለተኛውን ሞክረናል» አለ ጓንጉል። «እኔ አንዱን ወጋሁ፣ ሳንቃው ወደቀ። ወደ ኋላ መመለስ ነበረብኝ። ግን የአበጋዝ እግር ወደ ኋላ አይሄድም ተብሎ ተዘፍኖልኝ ነበር። ሁለተኛውን የወጋሁት ለዘፋኞቹ ነው። እግሬ እዚያ ቀረ።»

ስለዚህ ሻሺቱ ለሠላሳ ቀናት የተማረችው ወደ ኋላ መራመድን ነው። በበቅሎ በረቷ ውስጥ አሮጌ የጋሪ ምሰሶ በገመድ ሰቅለው ሰባቱ እየጎተቱ ያወናጭፉባታል፤ ጓንጉል ምርኩዙን እየመታ ይቆጥራል። በሰይፍ ፈንታ የያዘችውን ጦር ከቀኝ ወደ ግራ እጇ ትጥላለች፣ ታልፋለች፣ አንድ ጊዜ ትወጋለች፣ ትመለሳለች። ስትስገበገብ ምሰሶው ጎኗን ያገኛታል። በበረቱ ደንብ መሠረት ከወደቀችበት ሳትነሣ ስህተቷን ጮኻ ትናገራለች፤ ሰባቱም መሳቅን እንደገና ለመዱ። ንጉሡ ሌላ የሚገባለት ስለሌለ አይቶ እንዳላየ አለፋቸው። በመንገድ የሚያልፉ መኳንንት የበቅሎ ገሪዋ መሸሽ እየተማረች ነው ብለው አወሩ። ወሬው ትክክል ነበር።

ሳንቃዎቹ ሁሉ ሲወድቁ ሁለተኛው መልክ ይመጣል፤ ይህን አይታ በሕይወት የተመለሰች ፈንታዬ ብቻ ናት። ጎርማድ መዶሻውን ጥሎ አፉን ይከፍታል፤ ዋሻው በሚፈላ እንፋሎት ይሞላል። ሰው ሁሉ ወደ ውጭ ይሮጣል፣ ሲሮጥም ይቀቀላል። ፈንታዬ የዳነችው አደናቅፏት ከእግሩ ሥር ስለወደቀች ነው። ከሆዱ በታች እንፋሎት የለም።

ሦስተኛውን መልክ ግን ማንም አያውቅም። እዚያ የደረሱ ሦስት ናቸው፣ ሦስቱም አልተመለሱም። ቋጥኝ ቆጣሪው ከኮረብታው ሆኖ የጻፈው ለሦስቱም አንድ ዓይነት ነው፦ «ታላቅ ፉከራ ተሰማ፤ ከዚያ ምንም።» ዘፋኞቹ በዚህ ብዙ ግጥም ገጥመዋል።

«እንግዲያው ሦስተኛውን የሚያይ ሰው ያስፈልጋል» አለች ሻሺቱ። «ብቻዬን ከገባሁ እኔም አይቼ እቀራለሁ።»

ከሰባቱ አንዱ «ወደ ጎርማድ ብቻን ነው የሚገባው። ሕግ ነው» አላት።

«የማን ሕግ? የእሱ ነው የእኛ?»

ሁሉም ተያዩ። ማንም አያውቅም ነበር። በስድሳ ዓመት ውስጥ ሁለት ሆኖ የገባ የለም፤ ምክንያቱም ድልን ለሁለት መካፈል በሸረንጋ ነውር ነው። ጓንጉል ጨርቁን ከአንገቱ ፈትቶ እሳት ውስጥ ጣለው። ፈንታዬም የሷን ጣለች። በአርባኛው ቀን ሦስቱ ተነሡ።

የሸርፋን መንገድ ዘርዝሮ ለመናገር ሌላ መጽሐፍ ያስፈልጋል። ከሁሉም የከፋው የድንጋይ ዝንጀሮዎች ሸለቆ ነው፤ በአስማት የተኙ ፍጥረታት ናቸውና፣ ከመንገደኛ ሸክም አንድ ዕቃ መሬት ከነካ ይነቃሉ። ሦስቱ ጦርና ጋሻቸውን፣ ለእንፋሎቱ በውኃ ያራሱትን የበሬ ቆዳ ጭምር፣ ከጠዋት እስከ ማታ ሳያወርዱ ተሸከሙ። ጓንጉል እያነከሰ ወደ ኋላ ሲቀር ሻሺቱ ጋሻውን ልትቀበለው ሞከረች።

«ተዪኝ ልጄ» አላት። «ሠላሳ ዓመት ከዚህ የከበደ ተሸክሜያለሁ።»

«እዚያ ሲደርሱስ? መሮጥ አይችሉም።»

«ለመሮጥ አይደለም የምሄደው። ለማየት ነው። ያየሁትን ደግሞ እነግርሻለሁ።»

ዋሻው አፍ ሲደርሱ ቀትር ነበር። ፀሐይ በላይኛው ስንጥቅ ገብታ ጎርማድን አበራችው። ከአርባ ቋጥኞች ክምር አጠገብ ተቀምጧል፤ አርባ አንደኛው ከጎኑ ተዘጋጅቶ ይጠብቃል። ሲያያቸው ተነሣ፤ ሲነሣ ተራራው ተንቀጠቀጠ። ሻሺቱ ፈራች። ነገር ግን የግዙፉ ትከሻ ዝቅ ሲል አየች፣ እንደ በቅሎ ጆሮ፣ ልክ እንደተነገራት፤ ያን ጊዜ ፍርሃቷ ቀለላት።

«ትከሻ!» አለ ጓንጉል ከመግቢያው ድንጋይ ጀርባ።

ጦሩን ወደ ግራዋ ጣለች። መዶሻው በቀኟ በኩል ባዶ መሬት መታ። «ሁለት» አለ ጓንጉል። መልሳ ወደ ቀኟ ጣለች፤ በግራዋ ድንጋይ ተፈለጠ። ሦስተኛው ከላይ ሲመጣ ተንከባለለች። ጎርማድ ተነፈሰ፤ ደረቱ ተከፈተ። አንድ ጊዜ ወጋች፣ አንድ ሳንቃ ወደቀ፤ ዞራም ያለ አንዳች እፍረት ሮጠች። እንዲህ አድርጋ አምስት ሳንቃ ጣለች። ስድስተኛውን ስትጥል ሰባተኛው ተላልቶ ሲንጠለጠል አየች። አንድ ምት ብቻ ነው የቀረው። ሁለተኛውን ወጋች። ሳንቃውም ወደቀ፣ የመዶሻው እጀታ ግን ግራ ክንዷን አግኝቶ ከግድግዳው ጋር አጋጫት።

«ያንን ለማን ነው የወጋሽው?» ሲል ጓንጉል ጮኸ።

«ለዘፋኞቹ» አለች ሻሺቱ ጥርሷን ነክሳ። ክንዷ ተሰብሮ ተንጠልጥሏል።

መዶሻው ወደቀ። የጎርማድ አፍ ተከፈተ። ሻሺቱ ሰውነቷ ሁሉ ወደ መውጫው ሩጪ ሲላት፣ ፈንታዬ ከጎኗ ደርሳ የራሰውን ቆዳ ጣለችባትና በመታጠቂያዋ ያዘቻት። «ወደሱ» አለች። «ወደ እግሩ ሥር።» ሁለቱ ወደ ሞታቸው የሚሮጡ እስኪመስል ወደ ግዙፉ ሮጡ። እንፋሎቱ ከኋላቸው ዋሻውን ሞላው፤ ቆዳው ጀርባቸው ላይ ተንጨረጨረ። ከሆዱ ሥር ግን አየሩ እንደ ማለዳ ቀዝቃዛ ነበር። ፈንታዬ በእጇ በያዘችው መጥረቢያ የጉልበቱን ካስማ መታች፤ ወንድሟን በስሙ እየጠራች መታች። ካስማው ተስፈንጥሮ ወጣ። ጎርማድ በጉልበቱ ወደቀ፤ እንፋሎቱም ተቋረጠ።

ከዚያ ሁለቱ የእሳት ዓይኖቹ ጠፉ።

በዋሻው ዝምታ ሆነ። ግዙፉ ተንበርክኮ፣ አንገቱን ቀና አድርጎ ቀረ። የሞተ ይመስል ነበር። ከእነርሱ በፊት የመጡት ሦስት ጀግኖች በዚህ ቦታ ላይ ምን እንዳደረጉ መገመት አይከብድም፤ የሸረንጋ ሰው ጠላቱ ሲንበረከክ ካልፎከረ ያመዋል።

«ዓይኑ ጠፋ» አለ ጓንጉል ከመግቢያው።

ቡጢው ከመብረቅ ፈጥኖ መጣ። ጓንጉል የተደገፈበትን ድንጋይ አደቀቀው፤ ሽማግሌው በአንድ ስንዝር ተረፈ። የፈንታዬ መጥረቢያ ከጋሻዋ ጋር ተጋጭቶ ቃጭ አለ። ሌላው ቡጢ ወደዚያ መጣና ጋሻውን ከእጇ ወሰደው። ከዚያ እንደገና ዝምታ ሆነ። ግዙፉ ራሱን ዘንበል አድርጎ ያዳምጥ ነበር፤ ዘንበል ሲል ማጅራቱ ላይ፣ በሁለት ሳንቃዎች መሐል፣ የቀረው እሳት ሲነድ ታየ። ሳይሰማ ሲቀር ቀና አለ፣ ማጅራቱም ራቀ። ፈንታዬ ጠጠር አንሥታ ወረወረች። ጎርማድ ዘንበል ብሎ መታና ወዲያው ቀና አለ። ጊዜው ወደ ማጅራቱ ለመውጣት አይበቃም። ብዙ የሚቆይ ድምፅ ያስፈልጋል።

ሻሺቱ ይህን ሁሉ ገና አልተረዳችም። የተረዳው ጓንጉል ነው። ከፍርስራሹ ተነሥቶ፣ ምርኩዙን ጥሎ፣ እያነከሰ ወደ ዋሻው መሐል ወጣ።

«ልጄ» አለ ረጋ ባለ ድምፅ፣ «በድምፅ ነው የሚመታው። አንቺ ዝም በይና ወደ ማጅራቱ ውጪ።»

ሻሺቱ አይሆንም ልትል አፏን ከፈተች። ፈንታዬ በተቃጠለ እጇ አፏን አፈነቻት።

ቡጢው መጣ፤ ጓንጉል ወደ ጎን ወደቀና ተነሣ። ከዚያ ሠላሳ ዓመት የታፈነው ድምፅ ተራራውን ሞላው፦

«ዘራፍ ጓንጉል፣ የመርሻ ልጅ፣
ሸሽቶ የተመለሰ፣ ሠላሳ ዓመት ዝም ያለ፤
ዛሬ ወዲህ በለኝ፣ ድምፄ እዚህ አለ!»

ጎርማድ ወደ ድምፁ ጎንበስ አለ። ሻሺቱ ጫማዋን አውልቃ በባዶ እግሯ በተንበረከከው ጉልበት ላይ ወጣች። ክንዷ ሲነቃነቅ ሊያስጮኻት ነበር፤ ከንፈሯን እስኪደማ ነከሰች። ታች ሽማግሌው ይፎክራል፦ ስሙን፣ የአባቱን ስም፣ የተወለደበትን መንደር፣ የገባበትን ቀን፣ የሸሸበትን ቀን። መሸሹን እንደ ግዳይ ቆጥሮ ፎከረበት። ሁለተኛው ቡጢ ጎኑን ጨረፈው። ድምፁ ተሰነጠቀ፣ ግን አልቆመም። ሻሺቱ ትከሻው ላይ ደርሳለች። ሦስተኛው ቡጢ ሲነሣ ከላይ አየችው። አባቴ ይሽሹ ብላ አንዲት ቃል ብትተነፍስ ቡጢው ወደ እሷ ይዞርና እሱ ይድናል፤ ዋሪት ግን ያበቃል። አልተነፈሰችም። በሕይወቷ ከሠራችው ሁሉ የከበደው ያ ነበር።

ፉከራው ተቋረጠ።

እሷም ጦሩን በማጅራቱ እሳት ላይ አድርጋ፣ በሰውነቷ ክብደት ሁሉ ተጫነችው። ጎርማድ ለአንድ አፍታ እንዳልተገራ በቅሎ ተወራጨ፤ ሻሺቱ በአንድ እጇ ተጣብቃ ቀረች። ከዚያ በውስጡ አንድ ነገር ተሰበረና ግዙፉ ወደ ፊት ተደፋ፤ ሲደፋም በአርባው ቋጥኝ ክምር ላይ ወደቀ። ክምሩ ተናደ። ዋሪት ስድሳ ዓመት እንደታሰረ ሰው እየጮኸ ወጣ።

ሻሺቱ ጓንጉልን አቅፋ እስኪመሽ አለቀሰች። ፈንታዬም አልከለከለቻትም።

በአራተኛው ቀን ወደ ከተማ ሲደርሱ ወንዙ ቀድሟቸው ነበር። ሕዝቡ በሁለቱም ዳር ተሰልፏል። የቀሩት አምስቱ የዝም ሰፈር ሰዎች አፋቸውን ገልጠው ወጥተው አስከሬኑን በትከሻቸው ተቀበሉ። በድልድዩ ላይ ንጉሥ ዛራምድ ከነመኳንንቱ ቆሟል፤ የድል ካባ የያዘ ባለሟል ከጎኑ አለ።

«ፎክሪ» አላት ንጉሡ። «ሸረንጋ ትስማሽ።»

«አልፎክርም፣ ንጉሥ ሆይ። የፎከረውን ይዤ መጥቻለሁ። በጀግኖች መቃብር ቦታ ይሰጠው።»

ንጉሡ አስከሬኑን አይቶ ዓይኑን መለሰ። «ስም የሌለው ሰው ከቅጥር ውስጥ አይቀበርም። አንቺ ሕግ መተላለፍሽን በድልሽ ምረንሻል። የአያታችን ሕግ ግን ለአንድ ሰው ተብሎ አይሻርም።»

ሻሺቱ የታሰረ ክንዷን ደግፋ፣ ከንጉሡ ይልቅ ወደ ሕዝቡ ዞረች።

«ይህ ውኃ በእሱ ድምፅ ነው የመጣው» አለች። «እሱ የማይቀበርበት ከተማ ውኃውን አይጠጣ።»

አንዲት ሴት፣ እንስራዋን ልታጠልቅ ጎንበስ ያለች፣ ቀና አለች። አጠገቧ ያለው ሰውም በእፍኙ የያዘውን ደፋው። ቃሉ በዳርና ዳር እየተቀባበለ ወረደ። ሳምንታት የተጠማ ሕዝብ ጉልበቱን በሚነካ ውኃ ፊት ቆሞ አልጠጣም። ፀሐይ ከራስ በላይ ሆነች፣ ከዚያም አዘቀዘቀች። የወረዱት በቅሎዎች ብቻ ጠጡ። ባለሟሉ ለንጉሡ በብር ዋንጫ ውኃ አቀረበ፤ ንጉሡ ዋንጫውን ወደ ከንፈሩ አደረሰ፣ ሺህ ዓይን አየው፣ መልሶ አወረደው።

«ስሙ ማን ነበር?» አለ በመጨረሻ።

«ያውቁታል» አለች ሻሺቱ። «ሲሄድ በዚህ ድልድይ ላይ አበባ የበተኑለት እርስዎ ነበሩ፣ ያኔ ልጅ ሳሉ። እሱ ነግሮኛል።»

የንጉሡ ከንፈር ብቻ ተንቀሳቀሰ። «ጓንጉል መርሻ።»

«አልሰማንም፣ ንጉሥ ሆይ» አለች ፈንታዬ፣ ከአስከሬኑ ራስጌ፣ የተቃጠለ ፊቷን ገልጣ።

መኳንንቱ ሰይፋቸውን ጨበጡ። ንጉሡ ግን ዘውዱን አውልቆ ለባለሟሉ ሰጠና ወደ ድልድዩ ጠርዝ ቀረበ።

«ጓንጉል መርሻ» አለ፣ በሁለቱም ዳር እስኪሰማ ድረስ።

ሕዝቡ ጎንበስ ብሎ ጠጣ።